«ዘይድ» ትርፍ ነው ወይስ ምራቂ?

ሰፈሩ ሁሉ ጋሽ ምራቂ እያለ የሚጠራቸው ልብስ ሰፊው ወንድማችን ከቆርቆሮ ሠሪ አባታቸውና ከእናታቸው የተወለዱት፣ ታላላቆቻቸው ጢም ካበቀሉ፣ እናታቸውም የሕፃን ጨርቁን ለጎረቤት አድለው ከጨረሱ በኋላ ነበር። ትርፍ አልጋ ስላልነበረም በታላቅ እህታቸው እግርጌ ተኝተው አደጉ፤ እህታቸው እስከ ዛሬ «ሲራገጥብኝ ነው ያደገው» ይላሉ።

ትምህርት ቤት እንደ ገቡ የዐረብኛ መምህራቸው የተማሪዎቹን ስም ሲተረጉሙ፣ «ዘይድ» የሚለው ስማቸው «ዛደ» ከሚለው የዐረብኛ ግሥ የመጣ መሆኑን፣ ፍቺውም መጨመር፣ መብዛት፣ ማደግ እንደ ሆነ አስረዷቸው። እስከዚህ ጥሩ ነበር፤ ችግሩ አጠገባቸው የሚቀመጠው ወሬኛ ነው! «ትርፍ ነህ ማለት ነዋ!» ቢላቸው፣ ምሳ አልበላም ብለው በር ጀርባ ተሸጉጠው ዋሉ። አባታቸው ነገሩን ሲሰሙ ሆዳቸውን ይዘው ሳቁና «የለም፣ ምራቂያችን ነህ» አሏቸው። ቅጽል ስሙ የዚያን ዕለት ተለጠፈ፤ እሳቸው ግን የገባቸው፣ ሚዛኑ ከሞላ በኋላ ጣል የሚደረግ ነገር መሆናቸው ብቻ ነበር። አባታቸው ሳያብራሩላቸው ስላረፉም፣ «ተፈልጌ ነው የተወለድኩት ወይስ እንዲያው መጣሁ?» የሚለው ጥያቄ ከሆዳቸው ሳይወጣ አብሯቸው አረጀ።

ስፌት ተምረው የራሳቸውን ሱቅ ከከፈቱ ወዲህ፣ ልጅ ሲያድግ ይለቀቅለታል ብለው ጫፉ ላይ ሰፊ እጥፋት ሳይተዉ የሰፉት የልጅ ሱሪ የለም፤ እናቶች ሁሉ ይመርቋቸው ነበር። አንድ ሙሽራ ግን የሠርግ ሱሪው ወገቡ ላይ አልቆም ብሎት እየጮኸ ቢመጣ፣ «ታገባ የለ እንዴ? ትወፍራለህ» ብለው መለሱት። ሙሽራው ይኸው እዚህ መካከላችን ተቀምጧል፤ ሱሪው ዛሬ ልክክ ብሎለታል።

ቁልፍ ሊያስተክሉ ከመጡ አንዲት አስተማሪ ጋር ወግ ጀምረው፣ ወጉ ሳያልቅ ተጋቡ፤ አንዲት ሴት ልጅም ወልደው በፍቅር አሳደጉ።

ልባቸው ታሞ አልጋ በያዙ ጊዜ ታላቅ እህታቸው ሊጠይቋቸው ቢመጡ፣ ያንን የልጅነት ጥያቄ በመጨረሻ አፍርጠው ጠየቋቸው። እህታቸውም «አይ አንተ! ገበያ ወጥተህ አታውቅም እንዴ? ምራቂ እኮ ካልለመኑ አይገኝም! አባባ አንድ ልጅ ጨምርልኝ እያለ ፈጣሪውን ሲለምን በዚህ ጆሮዬ ሰምቻለሁ፤ አሁንስ በቃን ብዬ ያኮረፍኩት እኔ ነኝ» አሏቸው። ወንድማችን ሳቁ፤ እየሳቁም አለቀሱ። ከዚያ በኋላ ሊጠይቃቸው የገባውን ሰው ሁሉ፣ መድኃኒት የምትሰጣቸውን ነርስ ሳይቀር፣ «ተለምኜ ነው የመጣሁት» እያሉ አሰለቹት።

ትናንት ማለዳ በሰላም እንደ ተኙ ዐርፈዋል። ባለቤታቸውን፣ ልጃቸውን፣ ታላቅ እህታቸውንና ሱሪው ገና የሚለቀቅለትን የሰፈር ልጅ ሁሉ ትተው ሄደዋል። እኛም አንድ ዓመት፣ ካልሆነም አንድ ወር ጨምርልን ብለን ለምነን ነበር፤ አልተጨመረልንም። ጎደልን። አላህ በሰፊ ምሕረቱ ተቀብሎ ነፍሳቸውን ያሳርፍልን፤ ለእኛም መጽናናቱን ይስጠን።