ለአሥራ አንድ ሰው የተደገመው ዘፈን

ክቡራትና ክቡራን፣ የሲኒማ ቤታችን ባለቤት አያ ቬላዩዳም፣

ሥራዬን በምሰናበትበት ቀን ይህን የአበባ ጉንጉን አንገቴ ላይ ስላጠለቃችሁልኝ አምላክ ያክብራችሁ። በእኛ ከተማ ጉንጉን የሚጠለቀው ለሙሽራ፣ ለምርጫ ተወዳዳሪና ለሬሳ ነው። ከሦስቱ የትኛው እንደሆንኩ ሚስቴ ማታ ትነግረኛለች።

አርባ አንድ ዓመት ጣሪያው ሥር ባለችው ክፍል ፊልም ሳጫውት ኖርኩ። ድሮ አንዱን ፊልም ከጎረቤት ከተማ ሲኒማ ቤት ጋር ተካፍለን ነበር የምናሳየው፤ ጥቅሎቹ በብስክሌት ይመላለሱ ነበር። አንድ ቀን አራተኛው ጥቅል ቢዘገይብኝ አምስተኛውን አስቀደምኩ። አምስተኛው ላይ ጀግናው ሞቶ አስከሬኑ ተቃጠለ፤ አራተኛው ሲደርስ ሙሽራ ሆኖ ብቅ አለ! ሊደበድቡኝ ነው ብዬ በሬን ቆለፍኩ። እነሱ እቴ! ቆመው አጨበጨቡ። በማግሥቱ በትክክል ባሳይ፣ «የትናንቱ ይሻል ነበር» ብለው ወቀሱኝ።

ዛሬስ? ዛሬ ፊልሙ በየሰዉ ኪስ ገብቷል። የልጅ ልጄ ካያል የሦስት ሰዓቱን ፊልም በአርባ ደቂቃ ጨረሰችው።

«ዘፈኑስ?» አልኳት።

«ዘለልኩት፣ አያቴ።»

«ጠቡስ?»

«እሱንም።»

«ታዲያ ምኑን አየሽው?»

«መጨረሻውን!»

አልፈርድባትም። እኔም ስልኳን ሰርቄ የድሮ ዘፈን ሳይ ሩዝ አሳርሬ ታውቃለሁ።

እንደምታውቁት አዳራሹን ለሠርግ ቤት የሚፈልጉ ሰዎች መጥተዋል፤ አያም ለፖንጋል፣ ለመከር በዓላችን፣ መልስ እሰጣለሁ ብለዋል። ስለዚህ ያለፈውን ዓርብ ላንሳ። የገባው አሥራ አንድ ሰው ነው። አንዷ እዚህ ያለችው፣ አዳራሹን የምትጠርግልን ፔቺ ናት፤ ያውም ትኬት ቆርጣ።

«አንቺ፣ ይሄን ፊልም በልጅሽ ስልክ አይተሽው የለ?» አልኳት።

«አይቼዋለሁ።»

«ታዲያ ምን አመጣሽ?»

«ማየቱንስ አየሁት፤ ማን አብሮኝ አለቀሰ?»

ዘፈኑ ሲያልቅ እንደ ወጋችን አሥራ አንዱም «ድገመው!» ብለው ጮኹ። ደገምኩት። አያ ከታች ደወሉ፤ «አንተ ሽማግሌ፣ ለአሥራ አንድ ሰው ትደግማለህ?»

ያን ዕለት ስልኩን ዘግቼ ፊልሙን ቀጠልኩ። ዛሬ ልመልስ፤ አዎ፣ አያ። ስልክ መቶ ጊዜ ይደግማል። ነገር ግን ስልክ ይዞ «ድገመው!» እያለ የማያውቀውን ሰው ትከሻ የሚመታ አይቼ አላውቅም።

ሌላውን ቀን ለሠርግ ያከራዩት። ዓርብን ብቻ ይተዉልን። ትኬቴን ቆርጬ፣ በአርባ አንድ ዓመት ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ ከታች ተቀምጬ እጮሃለሁ። የሚደግምልኝ ካጣሁ በዚህ ጉልበቴ ደረጃውን እወጣለሁ፤ ብወድቅ ኃጢአቱ በእርስዎ ነው!

ምን ይላሉ፣ አያ? ዓርብ ብቻ!

ነቀነቁ! በእሺታ ራሳቸውን ነቀነቁ! ፔቺ፣ ምስክር ነሽ።

እንግዲህ ዕድሜ ከጤና ይስጣችሁ፤ ቤታችሁ አይጉደል። ስታለቅሱ አብሯችሁ የሚያለቅስ አይጥፋ፤ ደስ ሲላችሁም የሚደግምላችሁ አትጡ።