ያልተቋጨው የመምህር ይሥሐቅ ጨዋታ

የተከበራችሁ አባቶች ካህናት፣ ከዓለም ከተማ ድረስ በዚያ መንገድ ተንገላትታችሁ የመጣችሁ ወገኖች፣ የቀየትና የዘመሮ ጎረቤቶቻችን፣ የእግራችሁን ድካም እግዚአብሔር ይቁጠርላችሁ። ቤተ ዘመዱ እኔን አፈወርቅን፣ የሟች የባለቤታቸውን ወንድም፣ መርጦኛልና የመምህር ይሥሐቅ ፍቅረ ሥላሴን የሕይወት ታሪክ በፊታችሁ አነባለሁ። ሟች አንድም ስብሰባ እስከ መጨረሻው ተቀምጠው ያዳመጡ ሰው አልነበሩምና፣ ዛሬ ሳይንቀሳቀሱ ሲሰሙኝ ድምፄ ቢሰበር አትፍረዱብኝ።

መምህር ይሥሐቅ ከአባታቸው ከመምሬ ፍቅረ ሥላሴና ከእናታቸው ከወይዘሮ ኮከቤ በ1949 ዓ.ም. በዚሁ በመንዝ፣ በቀየት ተወለዱ። የእናት ሆድ ዥንጉርጉር ነው እንደሚባለው፣ ታላቅ ወንድማቸው መሪጌታ ወልደ ጻድቅ በማሕሌት ቆመው ሲያድሩ ከመቋሚያቸው ጋር የተተከሉ ይመስሉ ነበር ሲባል፣ ታናሽየው ግን ገና ፊደል ሲቆጥሩ ጀምሮ እግራቸው አርፎ ስለማያውቅ፣ አባታቸው የጋቢያቸውን ጫፍ ከቤቱ ምሰሶ ጋር አስረው ዳዊት አስደገሟቸው። ዳዊቱንም ደገሙ፤ ምሰሶው ግን ከዚያ ወዲህ ዘመመ ይላሉ የሚያውቁት።

ከቤተ ክህነት ትምህርታቸው በኋላ ዘመናዊውን ትምህርት በዘመሮ ተከታትለው፣ በደብረ ብርሃን በመምህርነት ሠልጥነው፣ የእንግሊዝኛ መምህር ሆነው ወደ መርሐቤቴ ተመደቡና በዓለም ከተማ ጎጇቸውን ቀለሱ። እየተራመዱ ያስተምሩ ስለነበር ተማሪዎቻቸው አንገታቸውን ታመው ይወጡ ነበር። እህቴን ወይዘሮ ጠጄን ያገቡ ዕለትም ከሙሽራ ወንበራቸው ጠፍተው ሲፈለጉ፣ ከድንኳኑ ውጭ ለዘፋኞቹ እንዴት እንደሚዘፈን ሲያስረዱ ተገኙ። አባታችን በዚያ ቀን «ልጄን ለነፋስ ዳርኳት» ብለው ነበር፤ ነፋሱም ሳይጥላት እስከ ዛሬ አኖራት።

በ1980ዎቹ መጨረሻ ክረምት ላይ ለእንግሊዝኛ መምህራን በተሰጠ ሥልጠና አዲስ አበባ ሄደው ሳለ፣ አሠልጣኛቸው የነበሩ አንድ እንግሊዛዊ፣ ሠልጣኞቹ ጆሯቸውን ከአነጋገሩ ጋር እንዲያለማምዱ ብለው፣ በአገራቸው ቴሌቪዥን ይታዩ የነበሩ የቆዩ አጫጭር ቀልዶችን በቪዲዮ ካሴት አሳዩአቸው። ከረባት ያሰሩና የመሥሪያ ቤት ሹም የሚመስሉ ሰዎች፣ አንዱ ስለ አንዲት ማንኪያ ሞት ለሕዝብ መግለጫ ሲሰጥ፣ ሌላው በባሕር ማዕበል ላይ ገመድ ዘርግቶ የእርሻ መሬት ሲለካ፣ አንዳቸውም ፈገግ ሳይሉ፣ ነገሩ ሊያልቅ ነው ሲባል ሳያልቅ ይቋረጥና ሌላ ይጀመራል። ሌሎቹ መምህራን ምን እንደሚያስቅ ግራ ገብቷቸው እርስ በርሳቸው ሲተያዩ፣ ወደው አይስቁ እንዲሉ፣ መምህር ይሥሐቅ ከወንበራቸው ወድቀው በሣቅ ተንፈራፈሩ፤ ካሴቱ ቆሞ ውኃ መጣላቸው። «መጨረሻው የት አለ?» ብለው ቢጠይቁ አሠልጣኙ «መጨረሻ የለውም፣ እንዲሁ ነው» አሏቸው። ይህች ቃል ከልባቸው ገባች። ወደ ዓለም ከተማ የተመለሱ ዕለት ሻንጣቸውን ሳያስቀምጡ ለወይዘሮ ጠጄ የነገሯት፣ እንደ እርሳቸው ያለ ሰው በሌላ አገርም እንዳለ ማወቃቸውን ነበር።

በዚያው ዓመት በትምህርት ቤቱ የወላጆች በዓል ላይ የመጀመሪያ ጨዋታቸውን አቀረቡ። ሁለት ገበሬዎች ከማሳቸው በላይ ስለቆመ አንድ ደመና የድንበር ክርክር ይገጥማሉ፤ ነገሩ ሲጦፍ አንዲት ተማሪ ወንበር በራሷ ተሸክማ ምንም ሳትናገር በመሐላቸው ታልፋለች፤ መጋረጃ የተባለው የእህቴ አንሶላ ይዘጋል፤ አለቀ። ማለትም አላለቀም። መምህር ይሥሐቅ ለዚህ ሲዘጋጁ እንቅልፍ አልነበራቸውም።

ነገር ግን ከፊት ወንበር ላይ የከተማው ሽማግሌዎች፣ በመሐላቸውም የጨርቅ ነጋዴው ሐጂ አብዱልሀኪም ተቀምጠው ነበርና፣ ከተዋናዮቹ አንዱ ስለ ደመናው ዱላ ሲያነሣ ሐጂ ብድግ አሉ። «ኧረ በአላህ! እኛ ተቀምጠን ዱላ ይነሣል?» ብለው መድረኩ ላይ ወጡ፤ የቀሩትም ሽማግሌዎች ተከተሏቸው። የሁለቱን ቃል በየተራ ከሰሙ በኋላ «ደመናውን የላከው አላህ ነው፤ የማናችሁም አይደለም፤ ሲዘንብ ለሁለታችሁም ይዘንብላችሁ፤ በሉ ይቅር ተባባሉ» ብለው ፈረዱ። ሽማግሌ የተናገረውን ማን ይሽራል? ተዋናዮቹ የተጠና ቃላቸውን ትተው ተሳሳሙ። ወንበር ተሸክማ የገባችው ተማሪ የሐጂ የራሳቸው ልጅ ሲሀም ነበረችና፣ «እደጊ ልጄ» ብለው ወንበሩን ተቀብለው ተቀመጡበት። ሕዝቡ በእልልታ አዳራሹን ሲያናውጥ መምህር ይሥሐቅ ከአንሶላው ጀርባ ራሳቸውን ይዘው «ማለቅ የሌለበትን ጨረሱብኝ!» እያሉ ይንቆራጠጡ ነበር። ሐጂም ኋላ ቢጠየቁ «ጨዋታ መሆኑን መች አጣሁት! ግን ጠብ በጨዋታም ቢሆን ሳይታረቅ አያድርም» አሉ።

ከዚያ ወዲህ በየዓመቱ አዲስ ጨዋታ ሠሩ፤ በየዓመቱም ሽማግሌዎቹ ተነሥተው አስታረቁ። ሕዝቡ የሚመጣው ለየትኛው እንደነበር አሁንም አይታወቅም። ጡረታ ከወጡም በኋላ ሲሀም፣ አሁን ራሷ ነጋዴ ሆና፣ በስልኳ እየቀረጸች በኢንተርኔት ስትለቀው፣ በቅል ውስጥ ዜና የሚያነቡትና ለፍየል የቀበሌ መታወቂያ የሚሰጡት መምህር ይሥሐቅ ከመርሐቤቴ አልፈው በሩቅ አገር ታወቁ። የሚያሳዝነው፣ በዚህ ሁሉ ጊዜ አንድ የቅርብ ሰው ሳያያቸው መኖሩ ነው።

ይህን ማለፍ አይገባምና እናነበዋለን። ከመጀመሪያው ጨዋታ ጥቂት ቆይቶ መምሬ ፍቅረ ሥላሴ አርፈው በተዝካራቸው ዕለት፣ እዚሁ ቀየት ዳሱ ሞልቶ ሳለ፣ መምህር ይሥሐቅ በድንገት ተነሥተው የአባታቸውን ካባ ደረቡ፤ ጭራቸውንም ያዙ፤ በአባታቸው ድምፅ፣ በአባታቸው ሳል፣ እንግዳውን እየገሠጹና እየመረቁ በዳሱ ውስጥ ዞሩ። እናታቸው ወይዘሮ ኮከቤ «ባሌን አመጣልኝ» እያሉ በአንድ ጊዜ ሣቁም አለቀሱም። ሰዉም ሣቀ። መሪጌታ ወልደ ጻድቅ ግን የያዙትን ብርሌ አስቀምጠው «አባታችንን ሁለተኛ ገደልከው፤ ከእንግዲህ ወንድም የለኝም» ብለው ወጡ። ሙት ወቃሽ አያድርገኝ እንጂ፣ መምህር ይሥሐቅ አስቀድመው ወንድማቸውን ማማከር ነበረባቸው። ግን ለእህቴ እንደነገሯት፣ ለማሣቅ አልነበረም የተነሡት፤ የአባታቸው መቀመጫ ባዶ ሆኖ ማየት ስላልቻሉ ነበር። ይህንንም ለወንድማቸው አልነገሯቸውም፤ ኩራት ያዛቸው።

ከዚያ በኋላ ብዙ ዓመት አለፈ። ሽማግሌ በተላከ ቁጥር መምህር ይሥሐቅ «ጠቡም እንደ ጨዋታዬ ሳይቋጭ ይቅር» ብለው ይቀልዱና ዱላቸውን ይዘው ለመንገድ ይወጣሉ። እናታቸው ባረፉ ጊዜ ሁለቱ ወንድማማቾች በመቃብሩ በግራና በቀኝ ቆመው ሳይተያዩ ተመለሱ። ከዚያ ቀብር ወዲህ መምህር ይሥሐቅ ጭራሽ መቀመጥ ተሣናቸው፤ ከገበያው እስከ መኪና ማቆሚያው፣ ከመኪና ማቆሚያው እስከ ገደሉ አፋፍ፣ ወደ መንዝ የሚሄድ ሰው ባገኙ ቁጥር ሰላም ብለው አስቁመው፣ የሚልኩት ቃል ግን ጠፍቷቸው፣ መንገደኛውን መልካም ጉዞ ብለው ያሰናብቱ ነበር።

ባለፈው ዓመት ጎናቸውን ታመው አዲስ አበባ ቢታዩ በሽታው ጉበታቸው ላይ መሥፋፋቱ ተነገራቸው። ከሐኪም ቤት እንደወጡ ለእህቴ «ሌላው ሁሉ ሳያልቅ ይቅር፤ ይሄኛው ግን ይቋጭልኝ» አሏት። ሐጂ አብዱልሀኪም ዕድሜያቸው ገፍቶ ሳለ ሽማግሌዎቹን መርተው ወደ ቀየት መጡ፤ መሪጌታ እሺ እስኪሉ አንቀመጥም ብለው ደጃቸው ላይ ቆሙ። መሪጌታም «እንደ አገሩ ወግ ድንጋይ ተሸክሞ ከልቡ ከመጣ ወንድሜ ነው፤ ሊጫወትብኝ ከመጣ ግን በሬን እዘጋለሁ» ብለው መለሱ። ሁላችንንም ያስጨነቀን ይህ ነበር። ሰው በተሰበሰበበት አንድም ነገር በቀጥታ ሠርተው የማያውቁ ሰው፣ ያን ዕለት ራሳቸውን መግዛት ይሆንላቸዋል ወይ?

በቀጠሮው ቀን ሽማግሌዎቹ ሕመማቸውን አይተው ጡጫ የምታህል ድንጋይ ቢሰጧቸው እምቢ ብለው፣ ከመንገድ ዳር ካለ ካብ ትልቅ ድንጋይ አንሥተው በማጅራታቸው ተሸከሙ። አንገታቸውን ደፍተው፣ ግራ ቀኝ ሳያዩ፣ አንድ ቃል ሳይናገሩ ግቢው መሐል ሲደርሱ ከነድንጋዩ ወደቁ። እዚህ ላይ የሁላችንም ኃጢአት አለበት፤ ማንም አልተንቀሳቀሰም። አንዳንዱ ሣቀ፣ አንዳንዱ ስልኩን አወጣ፤ እህቴ ራሷ እንኳ ቀጥሎ ምን ሊያደርጉ ነው ብላ ጠበቀች። በሩ ላይ የቆሙት መሪጌታ ብቻ፣ ወንድማቸው በልጅነታቸው ለጨዋታ ሲወድቁ እንደሚጮኹ፣ የእውነት ሲወድቁ ግን ድምፅ እንደማያሰሙ ያውቁ ነበርና፣ ጥምጣማቸው እየወደቀ ሮጠው ድንጋዩን አንሥተውላቸው «ተነሣ ወንድሜ» አሉ። መምህር ይሥሐቅም ዐይናቸውን ገልጠው «ድንጋዩን መልሱት፤ የሰው አጥር ነው» አሉ። እርቅ ደም ያደርቅ ይባላል፤ በዚያ ግቢ ግን ያን ቀን ያልደረቀው እንባ ነበር።

ወደ ዓለም ከተማ መመለስ አልቻሉም፤ ከዚያ ቀን ጀምሮ የተኙት በወንድማቸው ቤት ነው። መሪጌታ ዳዊት ሲደግሙላቸው እግራቸው ከብርድ ልብሱ ሥር ይንቀሳቀስ ነበር። ሕመሙ ሲበረታ አልጋቸውን ወደ መስኮቱ፣ ከመስኮቱ ወደ በሩ፣ ከበሩ መልሳችሁ ወደ ጥግ ውሰዱልኝ ስለሚሉ ቤተሰቡ ሁሉ አልጋ ተሸካሚ ሆነ። አንድ ረፋድ ላይ ወንድማቸውን «አጫውተኝ» አሏቸው።

መሪጌታ ወልደ ጻድቅ በዕድሜያቸው ቀልደው አያውቁም፤ ምን እንደሚባልም አላወቁም። በዚህ መሐል አንዲት ዶሮ ፍርፋሪ ልትለቅም ገባች። መሪጌታ ጥምጣማቸውን አስተካክለው፣ መቋሚያቸውን ይዘው፣ ዶሮይቱን እንደ ቅኔ ተማሪ ከፊታቸው አቁመው «በይ ተቀኚ» አሏት። ዶሮይቱ አስካካች። «ቤት አልመታም፤ ድገሚ» አሏት። ስትደግም ምስጢሩ ላይ ገሠጿት፤ መምህሯ ማን እንደነበረ፣ ዜማው ከየትኛው ደብር እንደመጣ ጠየቋት፤ ፊታቸው በማሕሌት ከሚታየው ፊት አልተለየም። መምህር ይሥሐቅ «ወንድሜ፣ ይሄን ሁሉ ዘመን የት ነበርክ!» ብለው በሣቅ ፈረሱ። ሣቁን እህቴ ከጓዳ ሰማች፤ ጎረቤትም ሰማ። ከዚያ ሣቁ ቆመ፤ እግራቸውም አረፈ። መሪጌታ ምን እንደሆነ ገብቷቸዋል፤ ነገር ግን ዞር አላሉም። እንባቸው በጢማቸው እየወረደ፣ ድምፃቸውን ሳይቀይሩ፣ ዶሮይቱ በገዛ ፈቃዷ በበሩ እስክትወጣ ድረስ አስተማሯት፤ ከዚያ መቋሚያቸውን አስቀምጠው የወንድማቸውን ዐይን ከደኑ።

መሪጌታ በሬሳ ፊት ዶሮ ቅኔ አስተማሩ እያላችሁ ከትናንት ጀምሮ ለምታሙ ወገኖች መልሳችን ይህ ነው፦ አዎ፣ አስተምረዋል። በዚህ ንባብ ውስጥ ይግባ ያሉትም እሳቸው ናቸው።

መምህር ይሥሐቅ ፍቅረ ሥላሴ በተወለዱ በስድሳ ስምንት ዓመታቸው በግንቦት ወር 2017 ዓ.ም. ከዚህ ዓለም ድካም ተለይተዋል። ከኋላቸው የቀሩትን ስንጠራ በወጉ የባለቤት ስም ይቀድም ነበር፤ እህቴ ግን ለዛሬ ወንድማቸው ይቅደሙ ብላለችና፣ አንድ ወንድማቸውን መሪጌታ ወልደ ጻድቅ ፍቅረ ሥላሴን፣ ባለቤታቸውን ወይዘሮ ጠጄን፣ ልጆቻቸውን ገሊላ ይሥሐቅንና ዘርዓ ብሩክ ይሥሐቅን፣ በየገበያው ቃላቸውን የሚደግሙትን የመርሐቤቴ ተማሪዎቻቸውን ሁሉ ትተው ሄደዋል። ሣቅንም ልቅሶንም የፈጠርክ አምላክ ሆይ፣ በምድር አንድ ቦታ መቀመጥ ያልሆነላትን ይህችን ነፍስ በቅዱሳንህ ማረፊያ አኑርልን፤ ለወንድማቸውም ገና የሚቀጥል ዕድሜ ስጥልን፤ ዘግይተው ነውና የተገናኙት። አሜን።