የጋሼ ካርታ ሕይወትና ሳይነበቡ የቀሩት ገጾች

መምህራችንን ለመሸኘት የተሰበሰባችሁ ዘመዶች፣ የሥራ ባልደረቦችና ተማሪዎች፤ ብዙዎቻችሁ ጋሼ ካርታ እያላችሁ የምትጠሯቸውን የአማቴን የሕይወት ታሪክ የማነብላችሁ እኔ የልጃቸው ሚስት ነኝ። ከእኔ የተሻለ የሚያነብ እዚህ ሞልቷል፤ እኔም ይህንኑ ተናግሬ ነበር። ለምን እኔ እንደሆንኩ ወደ መጨረሻው ይገባችኋል፤ ቀስ እያልኩ ስለማነብ ግን ታገሡኝ።

አማቴ የተወለዱት ከሰባ ዓመት በፊት፣ ከባቡር ጣቢያው የዕቃ መጋዘን ጀርባ በነበረች ባለ አንድ ክፍል ቤት ውስጥ ሲሆን፣ አባታቸው የመጋዘኑ ጠባቂ፣ እናታቸው ደግሞ ልብስ አጣቢ ነበሩ። ከሩቅ ምሥራቅ በሚመጡት ሣጥኖች ላይ የታተመው እንግዳ ጽሑፍ ገና በልጅነታቸው ልባቸውን ስቦት፣ ምን እንደሚል አባታቸውን ቢጠይቋቸው፣ «እኔ ሣጥኑ እንዳይጠፋ እጠብቃለሁ እንጂ ምን ትላለህ ብዬ ጠይቄው አላውቅም» የሚል መልስ አገኙ። እሳቸውም ጽሑፉን በከሰል በቤታቸው ግድግዳ ላይ ገልብጠው ከእናታቸው ጥፊ ቀመሱ። ጎልማሳ ከሆኑ በኋላ ቋንቋውን ለሚያውቅ ሰው ቢያሳዩት «ይህ ጎን ወደ ላይ» የሚል ሆኖ ተገኘ፤ እሳቸው ግን ዘቅዝቀው ነበር የጻፉት። ይህንን በየዓመቱ በመጀመሪያው ክፍለ ጊዜ ለተማሪዎቻቸው እያወሩ፣ እነሱን አስቀው እሳቸውም አብረው ይስቁ ነበር።

ትምህርታቸውን በዚያው ሰፈር ጀምረው በጥሩ ውጤት ካጠናቀቁ በኋላ፣ በመምህራን ማሠልጠኛ፣ ቀጥሎም በዩኒቨርሲቲ ታሪክ አጥንተው ተመርቀው፣ አሥራ ዘጠኝ ዓመት በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት፣ ሃያ ሦስት ዓመት ደግሞ በኮሌጅ የእስያንና የዓለምን ታሪክ አስተምረዋል። ሥራ ሲጀምሩ የዓለም ታሪክ ማለት የአውሮፓ ነገሥታት ስም ዝርዝር ማለት ነበርና፣ የመምህራን ማረፊያ ክፍል ውስጥ «እስያን ማን ጠየቀህ?» ብለው ያሾፉባቸው እንደነበር፣ እሳቸውም «ግማሹ ዓለም ነዋ የጠየቀኝ!» ብለው ይመልሱ እንደነበር ባልደረቦቻቸው ነግረውኛል። የትምህርት ቤቱ ካርታ እስያ ላይ ተቀዶ ስለነበር የራሳቸውን በጨርቅ ላይ ሥለው፣ ጠቅልለው በብብታቸው ይዘው በአውቶቡስ ይመላለሱ ነበር። አንድ ተሳፋሪ «ጋሼ፣ ካርታዎ ጎኔን ወጋኝ እኮ!» ቢላቸው፣ «የቱ አገር ነው የወጋህ? ተናገርና እንታረቅ» አሉት ይባላል። ስማቸውም ከዚያ ወዲህ ጋሼ ካርታ ሆኖ ቀረ።

ስለ ሐር መንገድ ሲያስተምሩ የመጀመሪያውን ወንበር ቻይና፣ የመጨረሻውን ሮም ብለው መሐረባቸውን ከእጅ ወደ እጅ ያስተላልፉ ነበር፤ የደረሰው ተማሪ የቆመበትን ከተማ መጥራት ሲኖርበት፣ አንዱ ከተማ ከተዘለለ መሐረቡ ተመልሶ ከቻይና ይነሣል። መነሻና መድረሻውንማ ማንም ያውቃል፣ ታሪክ ያለው መካከሉ ላይ ነው የሚል እምነት ነበራቸው፤ ፈተና ሲያርሙም የሚፈልጉት ይህንኑ መካከል ነበር።

የትዳር ጓደኛቸውን ያገኟቸው በመጀመሪያው ትምህርት ቤታቸው መዝገብ ቤት ውስጥ ነው። የክፍላቸውን ውጤት ሁልጊዜ አዘግይተው ስለሚያስረክቡ በየሴሚስተሩ ሲጣሉ ሲጣሉ ተጋቡ። አንድ ሴትና አንድ ወንድ ልጅ ወልደው አሳድገዋል። ወንዱ የከባድ መኪና ሹፌር የሆነው ባለቤቴ ነው። እኔ ሳገባው ስምንተኛ ክፍል ጨርሻለሁ ብዬው ነበር። ውሸት ነው። ታናናሾቼን ለማሳደግ ከሦስተኛ ክፍል ነው የወጣሁት። የመምህር ቤት መግባቴ ነውና፣ አፍሬ ሆድ ይፍጀው ብዬ ተውኩት።

አማቴ ስልሳ ስድስት ዓመት ሲሆናቸው ዓይናቸው ከዳር ወደ መሃል እየጠበበ መጥቶ፣ በዓመቱ ፊደል ማየት አቆሙ። ማስተማሩ አላስቸገራቸውም፤ ትምህርቱን በቃላቸው ያውቁት ነበርና፣ ካርታው ላይ ሕንድን ሳያዩ በጣታቸው ያገኟት ነበር። ለኮሌጁ ግን አልተናገሩም። ከክፍል ያስወጡኛል ብለው ፈሩ፤ ይህንን ደግሞ አልደብቅባቸውም። የፈተና ወረቀቱን ባለቤታቸው እያነበቡላቸው፣ ነጥቡን እሳቸው እየነገሩ፣ ሁለቱ እየተጋገዙ ቆዩ። ኋላ ሴት ልጃቸው በሌላ ከተማ ስትወልድ፣ ባለቤታቸው ሊያግዟት ሄደው ሁለት ወር ቆዩ። ባለቤቴም መንገድ ላይ ነበር። የማጠቃለያ ፈተናው አርባ ሦስት ወረቀት በመስኮቱ አጠገብ ባለው ጠረጴዛ ላይ ተቆልሎ ሳለ፣ አባባ ጠሩኝና «ልጄ፣ እስኪ ዓይኔ ሁኚልኝ» አሉኝ።

አልችልም ማለት ነበረብኝ። አንዲት ቃል ናት። ልጄ የአራት ወር ነበረች፤ ውሸታም ናት ተብዬ ልጄን አዝዬ የምባረር መሰለኝ። ተቀመጥኩና ማንበብ ጀመርኩ። የመጽሐፍ ፊደል እየቆጠርኩ እደርስበታለሁ፤ የተማሪ የእጅ ጽሑፍ ግን እንደ ጉንዳን ይሮጥብኛል፣ ረጅም የእስያ ስም ሲመጣማ እንደ ጉድጓድ እዘለዋለሁ። የመጀመሪያውን መስመርና የመጨረሻውን አነባለሁ፤ ከመካከሉ የቻልኩትን እለቅምና ገጹን እገልጣለሁ። አባባ ግራ እየገባቸው «ይቺ ልጅ ከቻይና ተነሥታ በረሃውን ሳትረግጥ ሮም ገባች፤ በክንፍ ነው?» ይሉ ነበር። እኔም እስቃለሁ። እውነቴን ነው፣ ሳቅኩ። ከዚያ ነጥቡን ቀንሰው ይነግሩኛል፣ እኔ እጽፋለሁ፤ ቁጥር መጻፍ እችላለሁ።

አንዲት ተማሪ በደቃቅ ጽሑፍ አራት ገጽ ሞልታ ነበር። ከሁሉ የከበደኝ የእሷ ስለነበር ከሁሉ የበለጠ የዘለልኩት የእሷን ነው። ወደቀች። አቤቱታ አቀረበች፤ ጉዳዩ ተጣርቶ ውጤቷ እስኪስተካከል ጓደኞቿ ተመርቀው ሄዱ፤ እሷ በዓመቱ ብቻዋን ተመረቀች። የትምህርት ክፍሉ ኃላፊ አባባን ጠርተው ወረቀቷን ድምፃቸውን ከፍ አድርገው አነበቡላቸው። ከተማው ሁሉ፣ በረሃው ሁሉ፣ መካከሉ በሙሉ ነበር። አባባ አዳምጠው ሲጨርሱ «ጥፋቱ የእኔ ነው፤ ዓይኔ አያይም፣ ደብቄያችኋለሁ» ብቻ አሉና ሥራቸውን ለቀቁ። የሌሎቹም ወረቀት እንደገና ታረመ። ማን እንዳነበበላቸው ሲጠየቁ አልመለሱም። ከዚያ በኋላ አርባ ሁለት ዓመት ያስተማሩ ሰው ሳያነቡ ማርክ የሚረጩ ተባሉ፤ እኔም አንድ ቀን ታክሲ ውስጥ «ጋሼ ካርታ እኮ በመጨረሻ ወረቀት እየመዘኑ ነበር የሚያርሙት» ሲባል ሰምቼ፣ ጥፋቱ የእኔ ነው ሳልል ልጄን እቅፍ አድርጌ ወረድኩ። ዓይን አይቶ ልብ ይፈርዳል ይባላል። ልባቸው ፈረደ፤ ዓይናቸው እኔ ነበርኩ፣ እኔ ደግሞ አላየሁም።

ሥራቸውን በለቀቁ በሳምንቱ የስድስተኛ ክፍል የታሪክ መጽሐፍ አስገዝተው «ልጄ፣ ቤት መዋል ሰልችቶኛልና ጠዋት ጠዋት ይህንን አንብቢልኝ» አሉኝ። ስዘል «ተመለሽ» ይላሉ። ስጣደፍ «ቀስ በይ፣ የምንሄድበት የለም» ይላሉ። ስለ ፈተናው አንድም ቀን አላነሡም። እንዲህ ሆነን ሦስት ዓመት አነበብን፤ ዛሬ የማነብበውን ማንበብ ያስተማሩኝ እሳቸው ናቸው። አንድ ጠዋት መጽሐፉን አስዘግተው «የምትነግሪኝ ነገር አለ?» አሉኝ። «ወተቱ ሊገነፍል ነው አባባ» ብዬ ወደ ኩሽና ሮጥኩ። ምድጃው ላይ ወተት አልነበረም።

ባለፈው ዓመት ኩላሊታቸው ታምሞ በሆስፒታልና በቤት ሲታከሙ ቆይተው፣ ከትናንት በስቲያ ጠዋት ባለቤታቸው እጃቸውን እንደያዙ አረፉ። በዚያው ቀን ስለ ፈተናው የሆነውን ሁሉ ለባለቤታቸው ለእማማ ነገርኳቸው፤ ያባርሩኛል ብዬ ነበር። እማማ ግን «እሱማ ሥራውን የለቀቀ ዕለት ነግሮኛል። እስክትነግረን እንጠብቃት፣ አፍራ ነው፣ ትነግረናለች አለኝ። ጠበቀሽ እኮ!» አሉኝ። ከተቆጡኝ ይሻለኝ ነበር። ባለቤቴም ሰማና «የሕይወት ታሪኩን አንቺ ጻፊው» አለኝ። እማማ ደግሞ «የጻፍሽውን ራስሽ አንብቢው» አሉ። የቆምኩት ለዚህ ነው።

የትምህርት ክፍሉ ኃላፊ እዚህ አሉ፤ ይስሙኝ። ጋሼ ካርታ ሳይሰሙ ማርክ ሰጥተው አያውቁም። በሰሙት ልክ ሰጡ፤ አጉድዬ ያሰማኋቸው እኔ ነኝ። ያቺን ተማሪ የምታውቋት ካላችሁ ንገሩልኝ፤ እሳቸውን ትታ በእኔ ትዘን። ስም መጥራት ካስፈለገም፣ ማንበብ ሳትችል የምችል ያለችው ምራታቸው ናት በሏት።

አማቴ ባለቤታቸውን፣ ሁለት ልጆቻቸውን፣ ሦስት የልጅ ልጆቻቸውን፣ በየወንበሩ መሐረባቸውን የተቀባበሉትን ተማሪዎቻቸውንና ሦስት ዓመት ጠብቀው ያልነገርኳቸውን እኔን ትተው ሄደዋል። ፈጣሪ ነፍሳቸውን ብርሃን ባለበት ያሳርፍልን፤ ለቀሪው ቤተሰብ ጽናቱን ይስጥልን፤ እኛንም ለሕያው ሰው የሚገባውን ቃል ለአስከሬን ከመንገር ይሰውረን።