ኒልዛን ከመሬት ያነሳሁ ለታ

በእኛ ጊዜ ሰው የሚንበረከከው ወይ ለአምላኩ ነው፣ ወይ አጥፍቶ ሽማግሌ ፊት ይቅርታ ሲጠይቅ ነው። ለዘፈን የሚንበረከክ አላየሁም። እኔ ብዙ አላወራም፣ ታውቁኛላችሁ፤ ይቺን ብቻ ልንገራችሁና ዝም እላለሁ።

እዚህ አሜሪካ፣ ስማይርና የምትባል ከተማ፣ ልጄ ጽጌ ዘንድ፣ ፊት ለፊታችን ባለው አፓርታማ አንዲት የብራዚል ሴትዮ አለች፣ ኒልዛ ትባላለች። በዕድሜ ከእኔ ጥቂት ብታንስ ነው። ታዲያ ይቺ ሴትዮ በአገሯ የታወቀች ዘፋኝ ነበረች። ልጅ ሆና ዓሣ ስትሸጥ ገበያተኛውን በዜማ ነበር የምትጠራው፣ እና አንድ የሬዲዮ ሰው ሰምቶ ወሰዳት፣ እና ሸክላ አሳተመች፣ እና አገር ምድሩ ወደዳት። ኋላ ሌላ ዓይነት ዘፈን መጣና ተረሳች፤ ወንድ ልጇ ወደዚህ አመጣት።

እኔ ይህን ከየት አወቅሁ? በረንዳ ላይ ቁጭ ብለን እሷ በቋንቋዋ ታወራለች፣ እኔ እሰማለሁ፤ አንድም አይገባኝም። ጽጌ ናት ከኒልዛ ልጅ ጠይቃ የምትነግረኝ።

ታዲያ ባለፈው ዓመት ጽጌ ከሥራ መጣችና፣ "አባባ፣ ኒልዛ ቅዳሜ ልትዘፍን ነው" አለች። "የአገሯ ሰዎች አዳራሽ ተከራይተዋል። መድረክ ላይ ከወጣች ስንት ዓመቷ፣ ፈርታለች። ይሄ ካልሆነላት ሁለተኛ አልሞክርም ብላለች። እርስዎን ፊት አስቀምጡልኝ አለች።"

"እኔን ለምን?"

"አፉን ዘግቶ የሚሰማኝ እሱ ብቻ ነው አለች።"

"ስለማይገባኝ ነዋ አፌን የምዘጋው።"

"እሱን አልነገርኳትም።"

ሄድኩ። ሙሉ ልብሴን ለብሼ ፊት ተቀመጥኩ። ወጣች፣ ቢጫ ቀሚስ ለብሳ። መጀመሪያ ድምፅዋ ተንቀጠቀጠ፣ ከኋላዬ ያሉት ስልካቸውን መነካካት ጀመሩ። አየችኝ። ራሴን ነቅንቄ አይዞሽ አልኳት። ታዲያ ከዚያ በኋላ የወጣውን ድምፅ ምን ብዬ ልንገራችሁ፣ ስልኩ ሁሉ ኪስ ገባ። እየዘፈነች፣ እየዘፈነች፣ መጨረሻው ላይ እጆቿን ዘረጋችና ልክ እኔ ፊት በጉልበቷ ዘጭ አለች። ዕንባዋ ይወርዳል። ሰው ያጨበጭባል።

ምን አጥፍታ ይሆን አልኩ በልቤ። ሰው እንዲህ ሲለምን ዝም ይባላል እንዴ? ብድግ አልኩ። ጽጌ ኮቴን ያዘች። "አባባ ይቀመጡ፣ ሾው ነው።"

"ሾውም ይሁን ሌላ፣ ሰው ተንበርክኳል" አልኳት።

መድረኩ ላይ ወጣሁ። "ተነሽ እህቴ፣ ይቅር ተብሏል፣ በቃ፣ ሁሉም ይቅር ብሎሻል።" በሁለት እጇ ክንዴን ጨመደደችው፣ ጆሮዬ ላይ አንድ ነገር አለች። ጎትቼ አቆምኳት። ግንባሬን ሳመችኝ፣ አዳራሹ በሙሉ ተነሥቶ ጮኸ፣ እና ሦስት ዘፈን ጨመረችላቸው።

መኪና ውስጥ ጽጌ በሳቅ መንዳት አቃታት። "አባባ፣ መንበርከኩ ጥንትም ልማዷ ነው፣ በሱ ነው የታወቀችው። ዛሬ ግን ጉልበቷ አልነሣ አላት። ሙዚቀኞቹ እስክትነሣ ብለው ያንኑ ዜማ አራት ጊዜ ደጋገሙት። እርስዎ ባይደርሱላት አልቆላት ነበር።"

"ጆሮዬ ላይ ምን አለችኝ?"

"ልጇን ጠየቅሁት። 'ቀስ፣ ግራው ጉልበቴን' ነው ያለችው።"

እና ከዚያ ወዲህ የጠሯት ሁሉ፣ "ሽማግሌውም ይመጣል ወይ?" ይላሉ። ታከር የሚባል ጎረቤት ከተማ ሄድን፣ አነሣኋት። ባለፈው ወር ደግሞ ሌላ ከተማ፣ ዱሉዝ ሄድን፣ ዘጭ አለች፣ ወጣሁ፣ ጎንበስ ስል የኔ ወገብ ደግሞ ተያዘ፣ አልቃና አለኝ። ምን ላድርግ፣ አጠገቧ ቁጭ አልኩ። አየችኝ፣ አየኋት፣ በዘፈኗ መሐል ሳቋ አመለጣት። እግሯን ዘርግታ፣ ትከሻዬን ተደግፋ፣ ከወለሉ ሳትነሣ የቀረውን ሁሉ ዘፈነችው። ያን ቀን ከሁሉም ቀን የበለጠ ዘፈነች፣ ይሄን ያለው እኔ ሳልሆን ልጇ ነው።

"ታዲያ ሁለታችሁን ማን አነሣችሁ አባባ?" ትሉኝ ይሆናል።

ማን ያነሣናል ልጆቼ። ቆመው ያጨበጭባሉ እንጂ።