ሳይጠይቁ ያሸጉት ሱቅ

ወይዘሮ የሻሽወርቅ ገርጂ ሰፈር ኖረው ኖረው፣ ፀጉራቸው ሲሸብት ቃላቸውን የሚያምን ሰው አጡ። ፊደል አልቆጠሩም፤ ዓይናቸው ግን ደኅና ነው። የድጎማ ዘይትና ስኳር ለሰፈሩ እንዲያከፋፍል ፈቃድ የተሰጠው ሽፈራው፣ በፊት በር «ዘይት አልመጣም» እያለ ሰልፈኛውን ሲመልስ፣ በጓሮ በር ጄሪካን ባጃጅ ላይ ሲያስጭን አይተዋል። የወረዳው ንግድ ጽሕፈት ቤት ሄደው ቢናገሩ፣ አብነት የሚባለው ወጣት ኃላፊ «እሺ እማማ፣ እናየዋለን» ብሎ ሸኛቸው። እናየዋለን ማለት ሂጂልኝ ማለት እንደሆነ ማን ያጣዋል?

ኋላ ማንነቱ ያልታወቀ ሰው ስልክ ደወለ ተባለና የሽፈራው ፈቃድ ታገደ፤ ሱቁም ታሸገ። በሩ ላይ ማኅተም ያረፈበት ወረቀት ተለጠፈ። በዚህ ሰፈር ደግሞ ማኅተም ከተለጠፈ ፍርድ አለቀ ማለት ነው፤ ወረቀቱ ምን እንደሚል ቆሞ የሚያነብ የለም። የሽፈራውን ሚስት ሰላም የሚላት ጠፋ። ወይዘሮ የሻሽወርቅም ደስ አላቸው፤ ብቻ ደስታው ጎርበጥ አላቸው። ስም የሌለው ደዋይ ተሰምቶ፣ እሳቸው በእግራቸው ሄደው ሳይሰሙ ቀርተዋልና።

ከሾላ ገበያ ሲመለሱ፣ ኢምፔሪያል የታክሲ ሰልፍ ላይ የጎረቤታቸውን ልጅ ሉዋምን አገኟት። ሉዋም ጠበቃ ናት። ዘንቢላቸውን ተቀብላ ስለ ሱቁ ስትጠይቃቸው፣ እንኳን ታሸገ አሉ። ሽፈራው ተጠርቶ ተጠይቋል ወይ ብትላቸው፣ ሌባ ከመቼ ወዲህ ነው ሐሳቡን የሚጠየቀው ብለው ሳቁባት።

«ጄሪካኑ የት እንደሄደ አይተዋል፣ እማማ?»

«ሲወጣ አይቻለሁ። በዚህ ጉልበቴ ባጃጅ ላባርር ኖሯል?»

«ለሌላ ሱቅ አካፍል ተብሎ ታዞ ቢሆንስ?»

«ታዞ ከሆነ ይናገር እንጂ።»

«የት ይናገር? ማን ጠየቀው?»

ወይዘሮ የሻሽወርቅ ተቆጡ።

«አንቺ፣ ያን ሁሉ ዓመት የተማርሽው ለሌባ ለመቆም ነው? ዘይት አጥተን ለምንሰለፈው ለኛስ ማን ይቁም?»

ሉዋም አልተቀየመችም። ጥርጣሬ ካለ ዕቃውን ቆጥሮ እንዳይሸሽ መጠበቅ ተገቢ ነው አለች። ፈቃድ ማገድ ግን የሰው እንጀራ መዝጋት ስለሆነ፣ አስቀድሞ ክሱ በጽሑፍ ይነገረው፤ መልስ የሚያሰናዳበት ፋታ ያግኝ፤ ምስክሩም ፊቱ ይቁም። ያለዚያ ይግባኝ ይልና፣ ሳይጠይቁ አገዱኝ ብሎ ይረታቸዋል። ሰርቆ ከነበረም ተመልሶ እዚያው ይቀመጣል።

«ደግሞም፣ እማማ፣ እሱ የሚጠየቅበት ቀን ቢኖር እኮ፣ እርስዎም ያዩትን የሚናገሩበት ወንበር ይኖርዎት ነበር።»

ይቺ ነገር ሆዳቸው ገባች። በአባታቸው አገር ከብት የነዳ ሌባ እንኳ ሽማግሌ ፊት ቆሞ አፉን ሳይከፍት አይፈረድበትም ነበር። ቢሮና ኮምፒውተር የመጣው ይህን ሊያስረሳን ነው እንዴ አሉ። እውነታቸውን ነው። የተከሳሽ ቃል ሲሰማ ንጹሑ ስሙ ይመለሳል፣ ሌባውም ማምለጫ ያጣል፤ ሰፈርተኛውም በጾም ወራት ዘይቱ ተቆልፎበት በእጥፍ ዋጋ ከሌላ አይገዛም።

ታክሲው ሲመጣ ሉዋምን በይ ሂጂ ብለው እሳቸው ወደ ወረዳው ዞሩ። አብነት ሲያያቸው፣ እንዳሉት ታሸገ አይደል፣ ሌላ ምን ቀረ አላቸው። ሳይጋበዙ ተቀመጡ።

«እኔ አሽግ አላልኩህም፤ ስማኝ ነው ያልኩህ። ሽፈራውን ጥራው። የተከሰሰበትን ጽፈህ ስጠው፣ የሚመልስበትንም ቀን ቁረጥለት። ያን ቀን እኔን ፊት ለፊቱ አስቀምጠኝ። ዋሽቼ ከሆነ ሰው እየሰማ አሳፍረኝ፤ ሰርቆ ከሆነ ያን ጊዜ እገደው። እስከዚያ ዘይቱን በሌላ ሰው እጅ ለሰፈሩ አድል። በል፣ ቀኑን ንገረኝ፤ ሳትነግረኝ ከዚህ አልነሣም።»