ያልጠቆረው አቮካዶ

ወይዘሮ ወርቅዬ ከአዋሽ ወደ ሰመራ በሚሄደው ሚኒባስ ውስጥ ከጎናቸው ለተቀመጠው ወጣት ስለ ልጃቸው ሲያወሩ መንገዱ አጠረላቸው። ሰመራ የምትኖረው ሉሊት የመጀመሪያ ልጇን ልትወልድ ተቃርባለች፤ አቮካዶም አምሯታል። እርጉዝ ያማራት አይከለከልምና፣ ትናንት መኪና ሞልቶ ሲቀሩ፣ አቮካዶ ፈጭተው፣ ሽንኩርትና ቃሪያ ከትፈው፣ በደንበኛቸው በአብዱልበሲጥ ከባድ መኪና አስቀድመው ላኩላት። አዋሽ ላይ ሾፌር የሚያጎርስ ምግብ ቤት ያላቸው ሴት ናቸውና በእጃቸው ሙያ አይታሙም።

ወጣቱ ይገዙ ይባላል፤ ሰመራ ውስጥ የምግብ ንጽህና ያስተምራል። ይህን ሲሰማ ፊቱ ተለወጠ።

«እናቴ፣ በረዶ ውስጥ አድርገው ነው የላኩት?»

«የምን በረዶ? ከወንበር ኋላ ነዋ። አትስጋ ልጄ፣ ሎሚ አልሰሰትኩም፤ ፍሬውንም መሀሉ ቀብሬዋለሁ። አይጠቁርም።»

«ፍሬው ከነካው ቦታ አልፎ የሚጠብቀው የለም። ሎሚውም ቀለሙን ያቆየዋል እንጂ በዚህ ሙቀት ጀርም እንዳይራባ አያደርግም። በፍሪጅ ሆኖ ላዩ ቢጠቁር አየር ነው፤ ተገፎ ይበላል። ሙቀት ላይ ያደረ ግን አረንጓዴም ቢሆን ይጣላል። ለእርጉዝማ ለጽንሱም ያሰጋል።»

«ስንት ዓመት ሾፌር አበላሁ። አንድ የታመመ አልሰማሁም።»

«እርስዎ ጋ በልቶ የጅቡቲ ድንበር ገላፊ ላይ ቢታመም ማን ይነግርዎታል?»

ወይዘሮዋ ልጃቸውን አሰቡ። ቢጠቁርማ ሉሊት ራሷ ትጥለው ነበር። አሁን ልጃቸውን የሚያታልላት የገዛ ሎሚያቸው ነው። ስልክ አወጡ፤ ኔትወርክ የለም። «የፈሩት ይደርሳል» እያሉ ደጋግመው ደወሉ።

ሎጊያን ሲጠጉ ስልኩ ተነሳ።

«እማዬ፣ ዕቃው አሁን ደረሰ። ዳቦ እየቆረስኩ ነው።»

«ቀመስሽው?»

«ገና ነኝ። ግን ሲያምር፣ እንደ ቅጠል ነው።»

ትናንት ቢሆን በዚህ ቃል ደረታቸውን ይነፉ ነበር። አሁን ግን ጮኹ። «ድፊው ልጄ። ድፊና እጅሽን ታጠቢ።»

ስልኩን ዘግተው አለቀሱ። ከዚያ ወደ ወጣቱ ዞረው፣ «እንግዲህ እንዴት ላድርግ?» አሉ።

«ሳይቆረጥ ይውሰዱት። ቢላዋ ከማሳረፍዎ በፊት ልጣጩን ይጠቡ፤ ሊበላ ሲል ይፍጩት። ከተረፈ ወዲያው ሎሚ ጨምቀው፣ አየር እንዳይገባ ንጹሕ ላስቲክ ላዩ ላይ አጣብቀው ፍሪጅ ያስገቡት፤ በማግስቱ ተበልቶ ይለቅ። መብራት ጠፍቶ ፍሪጁ ከሞቀ ግን አይመኑት።»

ሰመራ ሲደርሱ ያልተቆረጠ አቮካዶ ገዝተው፣ አጥበው፣ ልጃቸው ፊት ፈጩላት። ሉሊት ጠግባ በላች፤ በሰላምም ተገላገለች።

ዛሬ በወይዘሮ ወርቅዬ ቤት አቮካዶ የሚፈጨው ሲታዘዝ ነው። የሚደፋ የለም፤ ሾፌሩም ያለ ስጋት ይበላል። እሳቸው ግን ፍርሃቱ አልለቀቃቸውም። ከገላፊ የሚመለስ ደንበኛ በገባ ቁጥር፣ ሳህን ከማቅረባቸው በፊት «ባለፈው እኔ ጋ በልተህ ስትሄድ ደህና ገባህ?» ብለው ይጠይቁታል።