አንድ ፊደል ምን አላት?

ከላምበረት ወደ ቦሌ በሚሄደው ሚኒባስ፣ ከኋላዬ አንድ ሽማግሌና ደብተር ያቀፈች የሕክምና ተማሪ ተቀምጠዋል።

«ለእኔና ለወንድሜ አንድ ዓይነት ኪኒን ታዘዘልን። እሱ ዳነ፤ እኔን ሊገድለኝ ነበር። ሚስቴማ “ፈርተህ ነው” አለችኝ። የአንድ እናት ልጆች አይደለንም እንዴ?»

«ናችሁ፣ ጋሼ። ሰውነታችሁ ውስጥ ያለው፣ ዲ ኤን ኤ የሚባለው የዘር ጽሑፍ ግን በአንድ ፊደል ተለያይቶ ይሆናል።»

«በአንድ ፊደል ብቻ?»

«አዎ። ብዙ ጊዜ ፀሐይን በጸሎቱ “ጸ” እንደ መጻፍ ነው፤ ምንም አይለውጥም። አንዳንዴ ግን መድኃኒቱን መርዝ ያደርገዋል። ያንን ኪኒን ዳግመኛ እንዳይወስዱ።»

«ገባኝ! የቀበሌያችን ጸሐፊ መታወቂያዬ ላይ “አበበ”ን “አበባ” ብሎ ጻፈው። ይኸው ሁለት ዓመት ሙሉ “ወይዘሮ አበባ” እየተባልኩ እጠራለሁ።»

«አላረሙልዎትም?»

«“አንድ ፊደል ምን አላት?” ይሉኛል። ያንቺኛውስ ይታረማል?»

«እስካሁን አይታረምም።»

«በይ ተይው፣ ልጄ። እሱንም የጻፈው የኛ ቀበሌ ነው።»

ቦሌ እንደወረድኩ መታወቂያዬን አወጣሁና ስሜን ፊደል በፊደል አነበብኩት።